በእርማቱ መሠረት ይነበብልኝ

እንዴት አደርሽ ልጄ? አይ አይ፣ አትነሺ፣ በሞቴ ተቀመጪ። እስቲ ይሄን ወንበር እዚህ በሩ ጥግ ላስደግፈው… እንዳትቀመጪበት ብቻ፣ ሦስት እግር ነው ያለው። መንገድ ላይ ያየኝ ሁሉ፣ «ወዴት ነው ወንበር ተሸክመሽ? ፍርድ ቤቱ መቀመጫ አለቀበት እንዴ?» እያለ ሲስቅብኝ መጣሁ። ምን ልበላቸው? የሰው ዕቃ ነው፣ ላደርስ ነው አልኳቸው።

ጥፍርሽን ተቀባሽው? እሰይ፣ ቀይ ያምርብሻል። እኔ እንኳ ሰሞኑን ቀይ ሳይ ልቤ ድንግጥ ይል ነበር፤ አሁን ትቶኛል። ኮሌታሽን ግን ማን ነው የሰፋልሽ? በግራ በኩል ተጣሟል እኮ። ቅዳሜ ብቅ በይ፣ ፈትቼ አስተካክልልሻለሁ፣ አምስት ደቂቃ አይፈጅም። ደግሞ ይሄ መስታወትሽ ላይ ያለው ምንድን ነው? «የጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ አገልግሎት» በሚለው ላይ አንዷን ፊደል በቀይ ሰርዞ ሌላ የጻፈባት ማነው? … አታውቂም? እኔም አላውቅም። ሌሊት የመጣ መልአክ ይሆናል።

ወረፋ የለም አይደል? እኚህ አግዳሚው ላይ ያሉት አባት ቀድመውኝ ከሆነ እጠብቃለሁ። … ኮፒ ነው የሚጠብቁት? አሃ፣ ማሽኑ እስኪሞቅ ነው። እሱ ደግሞ መቼ ይሞቃል፣ ወረቀት ሲበላ ይውላል እንጂ! ይቀመጡ አባቴ፣ ጋዜጣዎን ያንብቡ። እኛ የሴት ወሬ ነው የምናወራው፣ እርስዎን አይመለከትም።

ችሎቱ አራት ሰዓት ተኩል ላይ ነው፣ ገና ነው። ሥራሽም ዛሬ ቀላል ነው፤ ሦስት መስመር ብቻ ነው የምትጽፊልኝ። ስምንት ወር ሙሉ እዚህ በርጩማ ላይ ተቀምጬ ስንት ገጽ መልስ እንዳስጻፍኩሽ አንቺ ታውቂያለሽ። ጣትሽ የደነደነው በእኔ ነገር ነው። በእኔ ብቻ እንኳ አይደለም… ከሳሹም ደንበኛሽ፣ ተከሳሿም ደንበኛሽ! ጠዋት ክሱን ትጽፊያለሽ፣ ከሰዓት መልሱን። ኧረ እንዴት ሳይምታታብሽ ቀረ? አይ፣ አትንገሪኝ። ምንም እንዳትነግሪኝ፣ የደንበኛ ምስጢር ነው።

ይልቅ እኔ ልንገርሽ። ሐሜት አይደለም፣ ሐሜት አልወድም። አንድ የማውቃቸው ትልቅ ሰው አሉ፣ እሳቸውን ላመሰግን ነው። ሰውን በሌለበት ማመስገን ክፉ ነው እንዴ? … በሌሉበት ነው እንግዲህ፣ የት አገኛቸዋለሁ።

እኚህ ሰው ልጄ፣ የተማሩ ናቸው። ሠላሳ ሁለት ዓመት ማተሚያ ቤት አራሚ ሆነው ሠርተዋል። መጽሐፍ ከመታተሙ በፊት አንብቦ ስህተቱን በቀይ እየለቀመ የሚያወጣው ሰው የለም? እሱ ነው አራሚ ማለት። ዓይን አላቸው ስልሽ! ጡረታ ወጡ፣ ዓይናቸው ግን ጡረታ አልወጣም። የሱቁን ማስታወቂያ ያርማሉ፣ የታክሲውን ታፔላ ያርማሉ። ጎረቤት ሞቶ የቀብሩ ሰዓት በሩ ላይ ተለጥፎ፣ ሰው እያለቀሰ ሲገባ ሲወጣ፣ እሳቸው በሩ ላይ ቆመው ያርማሉ። የሟች ልጅ፣ «ምነው ጋሼ?» ብትላቸው፣ «አባትሽ በስህተት ይሸኙ እንዴ?» አሏት። እንዲህ ያለ ለሰው አሳቢ አይተሽ ታውቂያለሽ? ሞተን እንኳ አይተዉንም እኮ!

እና እኚህ ሰው ቤት ነበራቸው። ነበራቸው ነው ያልኩሽ። ልጃቸው፣ «አባባ፣ ብቻዎን አይኖሩም፣ እኔ ጋ ይምጡ» ሲላቸው ሊሸጡት አሰቡ። ቤቱ በቀጥታ ከመንገዱ በረንዳ፣ ከበረንዳው ሳሎን ነው፤ ደረጃ የሚባል ነገር የለበትም። እኔ ደግሞ የምፈልገው እሱን። እናቴን ታውቂያታለሽ አይደል? ጉልበቷ እምቢ ብሏት አራተኛ ፎቅ ላይ ሁለት ዓመት ሙሉ መሬት ሳትረግጥ የኖረችው? ሰው ሲናፍቃት መስኮት ከፍታ ከላይ ሆና የማታውቀውን መንገደኛ ሁሉ «እንዴት ዋልክ የኔ ልጅ» የምትለው? ሰዉ ቀና ብሎ ሲያያት ድምፁ ከየት እንደመጣ ግራ ይገባዋል። ቤቱን ሳየው ታየችኝ፣ በረንዳው ላይ ቁጭ ብላ።

እርግጥ ጣሪያው ሁለት ቦታ ያፈስ ነበር። በሩም በትከሻ ካልገፉት አይከፈትም። ከእኔ በፊት ያዩት ዘጠኝ ሰዎች «እናስብበት» ብለው በዚያው ጠፍተዋል አሉ። ባለቤቱ ግን ኮራ ብለው፣ «ቤቱ እንከን የለበትም» አሉኝ። ጋዜጣ ላይ አንዲት ነጥብ ስትጎድል የምትታያቸው ሰው፣ በጣሪያቸው ቀዳዳ ሰማይ ሲታይ አልታያቸውም። የራስ ነገር እንደዚህ ነው፣ አይፈረድባቸውም።

ብቻ ተስማማን፣ ውል ማዋዋያ ሄድን። ጸሐፊው ውሉን አትሞ ሲሰጣቸው መነጽራቸውን ከኪሳቸው አወጡ፣ ቀዩን እስክሪብቶ አወጡ፣ ቁጭ አሉ። እኔ ሊፈርሙ መስሎኝ! አንድ ሰዓት ሙሉ አረሙት። ዐሥራ አንድ ቦታ። ጸሐፊው፣ «አባቴ፣ ይሄ እኮ የመሥሪያ ቤቱ ቅጽ ነው፤ ሃያ ዓመት እንዲህ ነው የኖረው» ቢላቸው፣ «ሃያ ዓመት ተሳስታችኋላ!» አሉት። በየእርማቱ ጎን ይፈረም ስለተባለ በየእርማቱ ጎን ፈረሙ። መጨረሻ ላይ ደግሞ ዋናውን። ዐሥራ ሁለት ፊርማ በአንድ ውል! ሌላው ሻጭ አንዴ ፈርሞ ይሸጣል፣ እኔ ዐሥራ ሁለት ጊዜ ተሸጠልኝ። ልግስና ካልሆነ ምን ትይዋለሽ?

ገባን። ጣሪያውን አስጠገንኩ፣ በሩን አረንጓዴ ቀባሁት፣ የሳሎኑን መስኮት አሰፋሁት። ሁለቱን የስፌት መኪናዎቼን ጓዳ አስገባሁ። እናቴ ጠዋት ጠዋት እየተደገፈች በረንዳው ላይ ትወጣለች፤ አሁን መንገደኛው በፊቷ ነው የሚያልፈው፣ ጮኻ አትጣራም። ቤቱ እንዴት እንዳማረ ብነግርሽ! ሰው ቆሞ ያየዋል።

እኚያ ሰውስ? እሳቸውማ ከልጃቸው ቤት በሁለት ወራቸው ተመለሱ። ለምን ብዬ ብጠይቅ፣ ምራታቸው ማቀዝቀዣው ላይ የለጠፈችውን የአስቤዛ ዝርዝር በቀይ አርመውባት ነው አሉ። በየሳምንቱ። ልጅቷ ምስጋና ቢስ ናት… ሽንኩርት በትክክል ተጽፎ መግዛትን የመሰለ ነገር አለ? ተመልሰው ከመንገዱ ማዶ ፎቅ ላይ አንድ ክፍል ተከራዩ። መስኮታቸው ልክ ፊት ለፊታችን። ጠዋት ያዩናል፣ ከሰዓት ያዩናል። እናቴ ከበረንዳ ሆና «እንዴት አደሩ?» እያለች እጇን ታወዛውዝላቸዋለች። እኔም መጀመሪያ ናፍቆት መስሎኝ አንጀቴን በልተውት፣ ሻይ በፔርሙስ ልኬላቸው አውቃለሁ። ኋላ ነው የገባኝ። ለካ ቤቱን እያረሙት ነው! የራስ ሳለ ሲያፈስ የኖረ ጣሪያ የሰው ሲሆን ማፍሰሱን ሲተው… እውነት ነው፣ ያናድዳል። እኔ ብሆንም ያመኛል።

ከዚያ ክሱ መጣ። ሽያጩ ይፍረስ፣ ቤቱ ይመለስልኝ።

እኔ ልብስ ሰፊ ነኝ፣ ማሻሻል ሥራዬ ነው። ደንበኛ ሱሪ ያመጣል፣ «አሳጥሪልኝ» ይላል፣ አሳጥርለታለሁ። ተመልሶ ይመጣል፣ «ትንሽ ጨምሪልኝ።» ሦስተኛ ሲመጣ፣ «የኔ ወንድም፣ ከዚህ በኋላ ቁምጣ ነው» እለዋለሁ። ክስም እንደዚያ እንደሚሻሻል ግን አላውቅም ነበር። እግዜር ይስጣቸው፣ አስተማሩኝ።

ጠበቃ አልያዙም ወይ አልሽኝ? ይዘው ነበር እኮ። የጻፈላቸውን ክስ አርመው መለሱለት። አስተካክሎ አመጣ፣ አርመው መለሱለት። በአራተኛው ጠበቃው ዕቃውን ሰብስቦ፣ «ጋሼ፣ እርስዎ ጠበቃ አያስፈልግዎትም» አላቸው። እንዴት ያለ ትልቅ ምስጋና ነው! ከዚያ በኋላ ራሳቸው ይጽፋሉ።

የመጀመሪያው ክስ ምን ይላል መሰለሽ? «ውሉን ስፈርም መነጽሬን አላደረግሁም ነበር፤ ምን እንደሚል አላየሁትም።» ዳኛዋ ውሉን ገለጥ አደረጉ። ቀይ በቀይ ነው። ገጹን ወደ ሰውየው አዞሩና፣ «ይህን ያረሙት ያለ መነጽር ነው?» አሏቸው። ጎንበስ ብለው አዩት… ምን ቢሉ ጥሩ ነው? «አንዷ አምልጣኛለች!» እናቴን ነው የምልሽ! በችሎት ፊት ቀዩን እስክሪብቶ መዘዙ፣ ዐሥራ ሁለተኛዋን ሊያርሙ። ዳኛዋ ውሉን በሁለት እጃቸው ነው ያስጣሏቸው። ሰውየውም ቀና ብለው፣ «ክሴን እንዳሻሽል ይፈቀድልኝ» አሉ። ተፈቀደላቸው። ሕጉ ደግ ነው።

ተሻሻለ። ሁለተኛው፣ «ውሉን አንብቤዋለሁ፤ ፊርማው ግን የእኔ አይደለም» ይላል። ዐሥራ ሁለቱም! እንግዲህ አንዱ ሌባ ቁጭ ብሎ ፊርማቸውን ዐሥራ ሁለት ጊዜ አስመሰለና፣ በዚያው ፊደሉንም አርሞላቸው ሄደ ማለት ነው። ጠበቃዬ፣ ያቺ ቀጭኗ፣ ሳቋን በፋይሉ ሸፈነች። ዳኛዋ አልሳቁም፣ ጨዋ ናቸው። «ለማመሳከሪያ እዚህ ላይ ይፈርሙ» ብለው የችሎቱን ወረቀት አሰጧቸው። ወረቀቱ ራስጌው ላይ የታተመ ነገር አለው አይደል? … አዎ፣ ገባሽ። አንዲት ፊደል ተሳስታለች። አረሟትና ጎኗ ላይ ፈረሙ። ቁርጥ የውሉን! አፋቸው ቢክድም እጃቸው አይክድም። እንዲህ ያለ ሐቀኛ እጅ ያለው ሰው ዘንድሮ ከየት ይገኛል? «ክሴን ላሻሽል።»

… አባቴ፣ ይቅርታ፣ ጋዜጣው የተገለበጠብዎ መሰለኝ። አይ፣ ይሁን፣ እንዲያም ይነበባል።

ሦስተኛው ላይ ግን ልጄ… እሱ ላይ አልቀልድም። ሦስተኛው ጥሩ ነበር። ግሩም ነበር እንዲያውም። «ውሉን አንብቤ ፈርሜያለሁ። የሸጥኩት ግን ቤቱን እንጂ በረንዳውን አይደለም፤ በውሉ ላይ በረንዳ የሚል ቃል የለም። በተሸጠው ነገር ላይ ስላልተስማማን ሽያጩ ይፍረስ።» ስድስት ገጽ፣ ከነንድፉ። እውነትም ዐሥራ አንድ ቦታ የታረመው ውል በረንዳ አይልም! ጠበቃዬ አነበበችውና ሳቋ ጠፋ። «ይሄኛው ያሰጋል» አለችኝ።

አስቢው እስቲ። የቤቱ መግቢያ እሱ ብቻ ነው። በረንዳው ከሄደ እናቴን በመስኮት ነው የማስገባት? ሽያጩ ከፈረሰ ደግሞ መመለሻችን አራተኛ ፎቅ ነው። በዚያ ሰሞን እህል አልዋጥልሽ አለኝ። የሙሽራ ቀሚስ እጅጌ ገልብጬ ሰፋሁ፤ ስንት ዓመት ሰፍቼ እንዲህ ያለ ጉድ ሠርቼ አላውቅም። እናቴ ምንም አልጠየቀችኝም። አንድ ቀን ብቻ ከሥራ ወደ ሳሎን ብቅ ስል፣ መድኃኒቶቿን በፌስታል ቋጥራ ጭኗ ላይ ይዛ አገኘኋት። «ደረጃው ስንት ነበር ልጄ? ስልሳ አራት ነው ስልሳ ስድስት?» አለችኝ። ጓዳ ገብቼ አለቀስኩ። ይሄን ለእኚያ ሰው አልነገርኳቸውም። … የት አገኛቸዋለሁ ብዬ።

እንግዲህ ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ ይቆማል አይደል? ደህና ክስ ይዟል፣ ዳኛዋም አንገታቸውን ነቅነቅ አድርገዋል፤ አርፎ ቤቱን ይጠብቃል። እሳቸው ግን ያለቀለት ጽሑፍ አይወዱም። በረንዳውን ሲያስቡ ሲያስቡ፣ በረንዳው ላይ ጥለውት የሄዱት ወንበር ትዝ አላቸው። አዎ… እሱ። ሦስት እግር ያለው። በአራተኛው እግር ምትክ ጡብ ነበር የሚደገፍበት። «ክሴን ላሻሽል» አሉ።

ዳኛዋ መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ። እንዲህ አሉ፣ በዚህ በጆሮዬ ነው የሰማሁት፦ «ይህ የመጨረሻው ነው። ከዚህ በኋላ ማሻሻያ አልቀበልም። ደግሞ ያስታውሱ፤ አዲሱ ክስ ሲገባ የበፊቱ እንዳልነበረ ይቆጠራል። የሚጠይቁትን በሙሉ በአንድ ላይ አድርገው ያምጡ።» ከዚህ በላይ ሰው እንዴት ይመከራል? ሰውየው ግን ምክር የሚያስፈልጋቸው አይደሉም። «ክብርት ዳኛ፣ ስለ እርማት ለእኔ አይነገርም። ሠላሳ ሁለት ዓመት ሠርቼበታለሁ» አሉ።

ልክ ናቸው እኮ! ማተሚያ ቤት ሥራው እንዴት ነው? አራሚው መጽሐፉን በሙሉ መልሶ አይልክም። ስህተት የተገኘባትን ገጽ ብቻ ያርማታል፣ እሷን ብቻ ይልካታል፣ ሠራተኛው ቦታዋ ላይ ይተካታል። ሌላው እንዳለ ይታተማል። ወረቀት አይባክን፣ ጊዜ አይባክን። ሠላሳ ሁለት ዓመት እንዲህ ሲያደርጉ አንድ መጽሐፍ ጎድሎ አልወጣም። እና እሳቸው ምን አደረጉ? ወንበሩ ያለባትን ገጽ ብቻ…

አንቺማ ጽፈሽዋል፣ አትንገሪኝ ብያለሁ። ፊትሽን ምን ያዞርሻል፣ ከፊትሽ አላነብም። እኔ የሰማሁት ከመዝገብ ቤት ነው። የመዝገብ ቤቷ ሴትዮ፣ «ቀሪው ገጽስ?» ብላ ጠይቃቸዋለች። «በእርማቱ መሠረት ይነበብልኝ» ብለዋት ሄዱ። እሷን ምን ቸገራት? ማህተሟን መታችበት።

ያለፈው ቀጠሮ ላይ ዳኛዋ አንሥተው አዩዋት። አንድ ገጽ። ገለበጧት፣ ጀርባዋ ባዶ ነው። «ክስዎ ይህ ነው?» «አዎን።» «በሙሉ?» … ልጄ፣ ያኔ እንዴት እንደኮሩ ብታዪ! ክራቫታቸውን ሳብ አደረጉ። «ክብርት ዳኛ፣ አንዲት ፊደል አልጎደለችበትም» አሉ። «ይመዝገብልኝ» አሉ ደግሞ። ተመዘገበላቸው። ጠበቃዬ ከጠረጴዛው ሥር ቆነጠጠችኝ፣ እስካሁን ጠቁሯል ባሳይሽ። እኔ ምኑም አልገባኝም፤ እንዲያውም የተሸነፍን መስሎኝ ነበር። ውጭ ወጥተን ደረጃው ላይ ዘጭ ብላ፣ ስቃ ስቃ ሲወጣላት ነው የነገረችኝ። ቤቱ የለም። በረንዳው የለም። ሽያጩ ይፍረስ የሚል የለም። በዚህ ሁሉ መዝገብ ውስጥ የቀረው ክስ አንድ ወንበር ነው!

«እንደገና ቢከሱኝስ?» አልኳት፣ ፈሪ ነኝ። «በአንድ ነገር መጠየቅ የሚችለውን በገዛ ፈቃዱ የተወ ሰው፣ ለተወው ተመልሶ አይከስም» አለችኝ። ሁለት ጊዜ አስደገምኳት። ሦስተኛ ስጠይቃት ተቆጣችኝ።

… ልጄ፣ ማሽኑ ሞቀ መሰለኝ፤ የአባትን ኮፒ አድርጊላቸው። ስድስት ገጽ ነው? … አይ፣ አንድ ገጽ ብቻ ነው ለካ የያዙት። ጥሩ ነው፣ ቶሎ ያልቃል። ምነው አባቴ፣ ላብ አጠመቀዎት? መስኮቱን ልክፈትልዎ? እዚህ ቤት ይሞቃል፣ አየር የለውም። ውኃ ስጫቸው በሞቴ።

በይ እንግዲህ ጻፊልኝ። «ተከሳሽ በተሻሻለው ክስ የተጠየቀውን በሙሉ አምናለሁ።» በሙሉ የሚለውን አስምሪበት… አይ፣ ተዪው፣ ነገር ይመስላል። «ወንበሩ የከሳሽ ነው። በዛሬው ዕለት ይዤ ቀርቤያለሁ፣ ለማስረከብ ዝግጁ ነኝ።» አለቀ። ስምንት ወር ሙሉ ስንጽፍ ስንጽፍ የከረምነው ለዚህ ነው። አንዴ አንብቢልኝ እስቲ። … ስህተት አለው? አንድ? ተዪው! አትንኪው፣ እንዳለ ይሁን። ትልቅ ሰው ፍርድ ቤት ድረስ መጥቶ ባዶ እጁን አይመለስም፣ እሷን እንኳ ያግኙ።

ወንበሩን እኮ አጥቤዋለሁ። ትራስም ሰፍቼለታለሁ፣ ቀይ፤ አየሽው? ጡቡንም ላመጣላቸው በፌስታል ይዤ ልወጣ ስል ጠበቃዬ ደወለችልኝ። «ጡብ በክሱ ላይ አልተጠቀሰም» አለች። ልክ ናት። ጡቡ የቤቱ ነው፣ መልሼ አስቀመጥኩት። ሲቀመጡ ወደ ቀኝ ማዘንበል ብቻ ነው፣ ይለመዳል።

እውነቱን ልንገርሽ? በጣም ነበር የተናደድኩባቸው። ዛሬ ጠዋት ግን ነገሩን ለእናቴ ስነግራት ፌስታሉን ፈታች፣ መድኃኒቶቿን አንድ በአንድ አውጥታ መስኮቱ ላይ ደረደረቻቸው። ከዚያ ምን አለች መሰለሽ? «እኚያ ማዶ ያሉት ጎረቤታችን ግን ዛሬ በጠዋት ወጥተዋል፣ ሰላም ሳንባባል» አለችኝ። ሰውየው ማን እንደሆኑ እስከ ዛሬ አልነገርኳትም። በየጠዋቱ ሰላም የሚሏት ብቸኛ ወዳጇ ናቸው፣ እንዴት ብዬ ልንገራት? እሷን ሳያት ቂሜ ሁሉ ጠፋ። … ትንሽ ቂም ቀርታኝ ነበር መሰለኝ፣ እሷም አሁን እዚህ ስናወራ ወጣችልኝ።

በይ ሰዓቱ ደረሰ። አባቴ፣ እርስዎም ወደ ችሎት ከሆኑ አብረን እንሻገር፤ ወንበሩን እኔ እይዛለሁ፣ እርስዎ አይቸገሩ። ከመሄዴ በፊት ግን እኚያን ደግ ሰው በሌሉበት ልመርቃቸው። ፈጣሪ ረጅም ዕድሜ ይስጣቸው። ጤናቸውን አይንሳቸው፣ ዓይናቸውንም ያለ መነጽር ያብራላቸው። በወንበራቸው ላይ አደላድሎ በዚያች መስኮታቸው አጠገብ ያስቀምጣቸው፣ ቤታችንን ከነበረንዳው፣ ከነእናቴ፣ ጠዋት ማታ ያሳያቸው። … አሜን ይበሉ እንጂ አባቴ፣ ለማንም ቢሆን ምርቃት ነው! ዕድሜ ልካቸውን ደግመው ደጋግመው ቢያዩትም፣ አንዲት የምትታረም ስህተት አያግኙበት።